በአንድ ክረምት ሦስት አዝመራ

ካቶር ሉየን ድንጋይ ሲዋሽ ታውቃለች። ከምትቃኛቸው ዘጠኝ ድንጋዮች ሰባተኛው ዛሬ ከጧት ጀምሮ ይዋሻል። ጫፉን ስትሸርፈው ድምፁ ከሚገባው በላይ ይቀጥናል፤ ወገቡን ስትፍቀው ወርዶ እንደ ጎረምሳ ጉሮሮ ይሻክራል። ሦስት ጊዜ ከገመዱ አውርዳ ሦስት ጊዜ መለሰችው። በመጨረሻ መዶሻዋን ጭኗ ላይ አጋድማ፣ ዋሾው ድንጋዩ ሳይሆን የገዛ ጆሮዋ መሆኑን ለራሷ አመነች። ጆሮ ለባለቤቱ ባዕድ ነው፤ የእሷው ከሥራዋ ላይ ተነሥቶ፣ በመስኮቱ ሾልኮ፣ ግቢው ውስጥ ከማንጎው ግንድ ሥር የታሰረ ጎሽ ሲያመሰኳ ያዳምጥ ነበር።

ጎሹን ያመጣው ኩባንያው ነው። የባሏ የዶይ የመቃብር ስንብት ከአራት ቀን በኋላ ነበርና፣ ከባሕር ዳርቻው ከተማ የመጣው ሥራ አስኪያጅ አቶ ካንግ ‹‹ለድካምሽ›› ብሎ ቀንዱ ያማረ ወይፈን አስጎትቶ አስገባላት። ሉየን በዚህ ቤት ስትሠራ ስድስት ዓመቷ ነው። በስድስቱ ዓመታት ኩባንያው ለማንም ሟች ዶሮ እንኳ ሲሰጥ አላየችም።

ድርጅቱ በወረቀት ላይ ‹‹የጊዜና የድንጋይ አክሲዮን ማኅበር›› ይባላል፤ የታሬን ሸለቆ ሰው ግን ኳኳታ ቤት ይለዋል። ሥራው ለማስረዳት ቀላል፣ ለማመን ከባድ ነው። ዘጠኝ ድንጋዮች በሁለት ግንድ መካከል በተወጠረ ገመድ ላይ ይረበረባሉ፤ ከወፍራሙ ወደ ቀጭኑ በስልት ሲመቱ፣ ድምፁን የሚሰማ ነገር ሁሉ ጊዜው ይፋጠናል፤ ከቀጭኑ ወደ ወፍራሙ ሲመቱ ይዘገያል። የዱሪያን ገበሬዎች ፍሬያቸው የነጋዴው መኪና በሚመጣበት ቀን ባንድ አፍ እንዲበስል ያስመቱበታል። የሚሰማ ሥጋ ሁሉ ከቡቃያው ጋር ያረጃልና መቺዎቹ ጆሯቸውን በንብ ሰም ይደፍናሉ። ሉየን ግን ቃኚ ናት፤ ቃኚ ጆሮውን ደፍኖ ምኑን ይቃኛል? ምት በተመታ ቁጥር እንደ አራስ ትራባለች፤ ጥፍሯን በቀን ሁለት ጊዜ ትቆርጣለች። በመታወቂያዋ ሠላሳ አንድ ዓመቷ ነው፤ በጸጉሯና በጉልበቷ አርባ። ማሕፀን ከሁለቱ ቁጥሮች የትኛውን እንደሚያምን ጠይቃ አታውቅም፤ መልሱን ትፈራዋለች።

ዶይ ድንጋይ ፈላጊ ነበር። ባለፈው ዓመት ክረምቱ ሲገባ ከረጠበ ገደል ተንሸራቶ ወደቀ፤ በሦስተኛው ቀን ሞተ። የቀበሩት ከመንደሩ በላይ፣ ከኳኳታ ቤት ማዶ ባለው ኮረብታ ላይ፣ ከአያቶቹ ጎን ነው። ከዚያ ወዲህ ሉየን እንደ ወጉ አዲስ ጨረቃ በወጣች ቁጥር ምግብ ተሸክማ መቃብሩ ድረስ ትሄዳለች፤ ጸጉሯን ቅባት አታስነካም፤ በድግስ አትጨፍርም፤ ወንድ ቤቷ አታስገባም። ይህ ሁሉ የሟቹ ማሳ ሦስት አዝመራ እስኪሰጥ ነው። ሦስቱ ሲሞላ በመቃብሩ ላይ ጣሪያው ጀልባ የተሸከመ ቤት ይሠራለታል፤ የናስ ደወል ይመታል፤ ጎሽ ይታረዳል፤ ሟቹም ይሰናበታል። ከዚያ ወዲያ መቃብሩን የሚጎበኝ የለም። ለዝናብና ለምስጥ ይተዋል።

ቁጥሩ በአዝመራ ነው። በሌላ ነገር የመቁጠር ሐሳብ በታሬን ለማንም መጥቶ አያውቅም፤ ማሳ በዓመት ከአንድ ጊዜ በላይ ላያፈራ፣ ምን አስጨነቃቸው?

የዶይ ማሳ አሁን በታላቅ እኅቱ በሚያ እጅ ነው። ከቀብሩ ማግስት አቶ ካንግ ሚያ ደጅ ድረስ መጥቶ፣ ኩባንያው ለለቅሶው መዋጮ እንዲሆን ማሳዋን በነፃ እንደሚያስመታላት ነገራት። ውሃው ከጅረቱ በቀርከሃ ቦይ ተሳበ፤ ዘሩ ተዘራ፤ በሃያ ቀን ታጨደ። እንደገና ተዘራ፤ እንደገና ታጨደ። ሦስተኛው ሲገባ የሚያ ጎተራ በሩ አልዘጋ አለ። ድንጋዮቹን የቃኘችው ሉየን ናት። ሦስቱንም ጊዜ በማሳው ዳር ተቀምጣ፣ እየተራበች፣ ጥፍሯን እየቆረጠች ሰምታለች። ሚያ ለመቃብሩ ቤት የሚያስፈልገውን አሟልታ ‹‹እንግዲህ ሦስት ሞላ፤ ወንድሜን ልሸኘው›› ስትላት ሉየን አልተከራከረችም። እንዲያውም ደስ ብሏት ነበር። በኛ አገር ወንድን ለጋብቻ የምትጠይቀው ሴቷ ናት፤ ሉየንም የዱሪያን ጭነት መኪና የሚነዳውን ቶንግን ለመጠየቅ በልቧ ከወሰነች ሁለት ወር አልፏት ነበር።

ሰባተኛውን ድንጋይ ሰቅላ ወጣች። የመቃብሩን ሣር ልመንጥር ብላ ወደ ኮረብታው አቀናች። ሽቅብ ስትወጣ መጀመሪያ ያየችው በዛፍ ግንድ ላይ የተቀባ ቀይ ቀለም ነው። ቀጥሎ በየቋጥኙ ላይ ቁጥር። ከዶይ ራስጌ ባለው ትልቅ ድንጋይ ላይ አሥራ አራት ተጽፎበታል። ተንበርክካ በጣቷ አንጓ መታችው። ድንጋዩ ረጅም፣ ጥርት ያለ፣ በስድስት ዓመት ውስጥ በእጇ ገብቶ የማያውቅ ድምፅ ሰጠ። ቀለሙን የቀባው ሰው ይህን ድምፅ አስቀድሞ እንደሰማው ገባት።

አቶ ካንግ ቢሮው ውስጥ በማራገቢያው ሥር ተቀምጦ ማንጎስቲን ይልጥ ነበር።

‹‹አቶ ካንግ፣ ኮረብታው ላይ ቀለም የቀባው ማነው?››

‹‹ቀያሾች ናቸው። ቁጭ በይ እንጂ ሉየን፤ ምን ያስቆምሻል? ይኸው ብዪ።››

‹‹የባሌ ራስጌ ላይ ቁጥር ጽፈውበታል።››

‹‹እስከ ስንብቱ ማንም አይነካውም፤ ቃሌ ነው። ከስንብት ወዲያ መቃብር የጫካ ነው ትሉ የለ እናንተው ራሳችሁ? ጫካው ደግሞ በሊዝ የኛ ነው። እኔ ወጋችሁን አንዲት ስንዝር አልጣስኩም። አክብሬዋለሁ።››

‹‹ሦስቱን አዝመራ ለዚህ ነው ያስመቱት?››

‹‹ለለቅሶ ነው ያስመታሁት። ጎተራው አልሞላም? ሚያ አልመረቀችኝም?›› ፍሬውን በጥንቃቄ ለሁለት ከፈለው። ‹‹ደሞ ማነው የቃኘው? እኔ እንደሆንኩ ከድንጋይ ድምፅና ከድስት ድምፅ አልለይም።››

‹‹አንተ...›› አለች። ስድስት ዓመት ሙሉ ‹እርስዎ› ስትለው የኖረችው ምላስ ሳያስፈቅዳት ታጠፈ። የጀመረችውን ትታ ወደ በሩ ዞረች። የቃኘችው እሷ ናት።

ሽማግሌው ታየን የመንደሩ ናስ ጠባቂ ነው፤ የሁሉን ሰው ስንብት እሱ ነው የሚመራው። ሉየን ስትደርስ ከበረንዳው ላይ የጠፍጣፋ ናስ ጠርዝ በአመድ ይፈትጋል።

‹‹አያ ታየን፣ እንደምን ዋልክ?››

‹‹ማን ነሽ? የኳኳታ ቤቷ አሮጊት?››

‹‹በልጅነቴ ጀርባህ ላይ ያዘልከኝ ነኝ።››

‹‹እሷማ ልጅ ነበረች። አሁን አንቺ እኔን ልታዝይኝ ትችያለሽ። ተቀመጪ፤ ምን ሆነሻል? አንዴ ትቆሚያለሽ አንዴ ትቀመጫለሽ፤ ጉንዳን ረገጥሽ እንዴ?››

ነገሩን ሁሉ አወጋችው። ሽማግሌው እጁን ከናሱ ላይ ሳያነሣ አዳመጣት፤ ስትጨርስ ግን አመዱን አራገፈ።

‹‹ልማዱ አዝመራ ይቆጥራል፤ የአዝመራውን ሩጫ አይቆጥርም። ድንጋይ አስሮጠው ማለት አይበቃም። ‹ያ አዝመራ አልነበረም› የምትይበት ምክንያት ካለሽ አምጪው፤ ናሱ ሦስተኛ ዙር ከመመታቱ በፊት በሰው ፊት ትናገሪዋለሽ። ግን ስሚኝ ልጄ፤ ቁጥር ያፈረሰ ሰው ከባዶ ይጀምራል። ሦስት ሙሉ አዝመራ፣ በሰማይ ዝናብ። እስከዚያ ቅባት የለም፤ ጭፈራ የለም፤ ሹፌርም የለም።››

‹‹የቱ ሹፌር?››

‹‹ታሬን ውስጥ ሁለት መኪና ነው ያለው፤ አንዱ ደግሞ ሞተር የለውም። የቱ ሹፌር ትለኛለች!››

ሉየን ፊቷን ወደ ሸለቆው አዞረች። ሦስት ዓመት በመታወቂያ ሠላሳ አራት ያደርጋታል፤ በሥጋዋ አርባ ሦስት። ‹‹ዝም ብልስ?›› አለች።

‹‹ዝም ካልሽማ ምኑ ይቸግራል? ይሰናበታል፤ ድንጋዩም ተፈልጦ ይሄዳል። ዶይ ግን ገና መንገዱን አያውቀውም። ነፍስ ወደ አያቶቿ የምትወስደውን መንገድ የምትማረው ባመጣሽላት ምግብ ቁጥር ነው። ስንት ጊዜ ወሰድሽለት?››

‹‹አሥራ ሁለቴ።››

‹‹አሥራ ሁለቴ›› አለ ሽማግሌው፤ ፈትጎ የጨረሰውንም ናስ እንደገና መፈተግ ጀመረ።

በቀጠሉት ሦስት ቀናት ሉየን የምታደርገውን አታውቅም ነበር። ከቤቷ ተነሥታ እስከ ጅረቱ ትወርዳለች፤ ለምን እንደወረደች ትረሳና ትመለሳለች። እሳት አንድዳ ድስት ሳትጥድበት ይጠፋል። ምክንያት ፍለጋ ነው፤ እውነቱ ግን ምክንያቱን እንዳታገኝም ትመኝ ነበር። ባታገኝ ጥፋቱ የልማዱ ይሆናል፤ እሷም ንጹሕ ሆና ትሾልካለች። እንዲህ ያለውን ንጽሕና ማሰቧ ራሱ ያቅበጠብጣት ገባ። በሁለተኛው ቀን የቶንግ መኪና በመንደሩ መግቢያ ቆሞ አገኘችው። ቶንግ ራዲያተሩ ላይ ውሃ እየጨመረ፣ ‹‹ከስንብቱ ማግስት ጭነቴን ጨርሼ እወርዳለሁ፤ መታጠፊያው ላይ ጡሩምባ እነፋለሁ፤ የምትጠይቂኝ ነገር ካለ መንገዱ አጭር ነው›› አላት። የሚያሾፍ መስሎ ነበር፤ ውሃው ግን ከራዲያተሩ አልፎ ጫማው ላይ ይፈስ ነበር።

በሦስተኛው ቀን ከሰዓት በኋላ፣ ድንጋይ ባልተመታበት በጎረቤት ማሳ አጠገብ ስታልፍ የጩኸት ውርጅብኝ ወረደባት። ሁለት ባልቴቶች ከማማ ላይ ሆነው ከአዲሱ ዘር ላይ ወፎችን ያባርራሉ፤ ይሳደባሉ፤ ይረግማሉ፤ ጉሮሯቸው ተዘግቶ ግማሹ ስድብ ፉጨት ሆኖ ይወጣል። ሉየን ቆማ ሰማቻቸው። የሰማችው ግን የሚያን ማሳ ዝምታ ነበር። ሦስት አዝመራ ሲያልፍ በዚያ ማሳ ላይ አንዲት ወፍ አላረፈችም፤ ዛላው በስሎ እስኪታጨድ ወሬው ሳይደርሳቸው ቀረ። በወጉ ከማጨድ በፊት የቤቱ ታላቅ ወደ ሰማይ ዞሮ ወፎቹን ‹‹ድርሻችሁን በልታችኋል፤ አሁን የኛ ተራ ነው›› ይላል። ሚያ ይህን አላለችም። ቃሉን የሚሰማ ወፍ አልነበረማ።

ምክንያቱ ተገኘ። ሉየን ፊቷን ወደ ቤቷ መለሰች።

የስንብቱ ጧት ኮረብታው በሰው ተሞላ። በመቃብሩ ላይ የተሠራው ቤት ጣሪያ በሰማያዊና በነጭ ቀለም ያሸበረቀ ጀልባ ተሸክሟል። የጠጅ ማሰሮዎች መጠጫ ሸምበቆ ተሰክቶባቸው ተደርድረዋል። አቶ ካንግ አዲስ ሸሚዝ ለብሶ፣ ከቋጥኙ ላይ የተጻፈውን አሥራ አራት በጀርባው ጋርዶ ቆሟል። ጎሹ ከግንድ ታስሯል። ናስ መቺዎቹ መቃብሩን ዞሩ፤ ታየን እጁን አነሣ፤ ጸጥ አለ።

‹‹ያገሬ ሰው! የዚህ ሰው ማሳ ስንት ጊዜ ታጨደ?››

የምትመልሰው ሚስት ናት። ‹‹ሦስት›› አለች ሉየን። ቃሉ እንደ ማስነጠስ አምልጧት ወጣ። ሚያ ራሷን ነቀነቀች፤ አቶ ካንግ ትንፋሹን ለቀቀ። ሉየን በራሷ ድምፅ ውስጥ ምኞቷን ለይታ ሰማች፤ ከሰባተኛው ድንጋይ የባሰ ዋሾ ነበር።

ናሱ ሁለተኛውን ዙር ዞረ። ‹‹ስንት ጊዜ ታጨደ?››

ሉየን አቶ ካንግ ከጋረደው ቋጥኝ ላይ ዓይኗን ተከለች። ሰው ተያየ። ከኋላ አንዱ ‹‹ቁጥር ጠፋባት እንዴ?›› ሲል ተሳቀ።

‹‹አንድም›› አለች።

‹‹ምን?›› ሚያ ወደ ፊት መጣች። ‹‹አንድም? ጎተራዬን ነይና እዪው! ሦስቱንም በልተናል እኮ! አንቺ ራስሽ በልተሻል፣ እንደ አሳማ ነበር የምትበዪው!››

‹‹በልቻለሁ፣ እቴ። አንድ ነገር ብቻ ንገሪኝ። ወፎቹን ማን አባረረ?››

ሚያ ቁልቁል ወደ ማሳው አየች፤ ሉየን ቀጠለች።

‹‹ማነው የጮኸው? ‹ድርሻችሁን በልታችኋል› ያለው ማነው? ወፍ ያልተሻማበትን ሩዝ አዝመራ ያላችሁት ከመቼ ወዲህ ነው?››

ከሕዝቡ መካከል አንዲት ባልቴት እጇን በእጇ አጨበጨበች። ‹‹እኔ እኮ በሚያ ማሳ ጩኺልኝ ብሎ የጠራኝ የለም ስል! ለካ ዘንድሮ ጉሮሮዬ በከፊል የተረፈው ለዚህ ነው!›› ሳቁ እንደ ንፋስ በሰዉ ላይ አለፈ፤ ወዲያው ግን ተቆረጠ፤ ሁሉም ነገሩ ምን እንደሆነ ገብቶት ነበርና። አንድ ሽማግሌ በጣቶቹ መቁጠር ጀመረ።

‹‹ይህ ተረት ነው!›› አለ አቶ ካንግ። ‹‹ሦስት ዓመት አልፏል! ካላመናችሁ ጸጉሯን እዩ! ፊቷን እዩ! ይቺ ሴት ከሁላችሁ በላይ አዝናለች፤ ሥጋዋ ይመሰክራል!››

የተናገረው እውነት ነበርና ሉየንን ለአፍታ አናወጣት። ‹‹በኔ ላይ አልፏል›› አለች፤ ድምፅዋ ዝቅ አለ። ‹‹ድንጋዩን የሰማሁት እኔ ነኝ። የቃኘሁትም እኔ ነኝ፤ ማንም አላስገደደኝም። ድምፁ ግን እዚህ ኮረብታ አይደርስም። እኔ አርጅቻለሁ፤ ዶይ ግን ከሞተ ገና ዓመቱ ነው። የሚሰናበተው እሱ ነው።››

ታየን ናስ መቺዎቹን አያቸው። አንድ በአንድ ናሶቻቸውን አፍ ለአፍ ገጥመው መሬት ላይ አስቀመጡ። ሦስተኛው ዙር አልተመታም።

‹‹ከባዶ›› አለ ሽማግሌው። ‹‹ሰምታችኋል።››

አቶ ካንግ ወደ ግንዱ ሄደ። ‹‹ጎሹን ፍቱልኝ።››

‹‹ስጦታ ነው አላልክም?›› አለ ታየን።

‹‹ለስንብት ነው የሰጠሁት!››

‹‹እንግዲያው ሦስት ዓመት ቀልበህ አምጣው፤ እስከዚያ ይወፍርልናል።››

ሰዉ ሳቀ፤ ሉየን አልሳቀችም። አቶ ካንግ በአጠገቧ ሲያልፍ፣ ከነገ ጀምሮ ኳኳታ ቤት እንዳትመጣ በለሆሳስ ነገራት። ከዚያም ሳይቆጣ፣ የምር ግራ የገባው ሰው በሚናገርበት ድምፅ፣ ‹‹ለራስሽ ስትይ ዝም ብትይ ምን ነበረበት?›› ሲል ጠየቃት።

በማግስቱ ረፋዱ ላይ ሁለቱ ሴቶች ማሳው ላይ ነበሩ። በእንጨት መሬቱን እየወጉ ጉድጓድ ማበጀት የወንድ ሥራ ነው፤ ተከትሎ ዘር መጣል የሴት። ሚያ የወንድሟን እንጨት ተሸክማ መጣችና ከፊት ከፊት እየወጋች ሄደች። ሉየን በየጉድጓዱ ሰባት ሰባት ፍሬ እየጣለች ተከተለቻት። መሬቱ አይንቀሳቀስም። ትናንሽ ጉድጓዶች ከኋላዋ ጨለማ ዓይኖቻቸውን ከፍተው ይቀራሉ፤ ምንም አይበቅልባቸውም። በድንጋዩ ምት አፈሩ ሲሰነጠቅ፣ አረንጓዴው ሲወጣ ማየት የለመደ ዓይኗ እያንዳንዱን ጉድጓድ ዞሮ ያያል፤ ያፍራል፤ እንደገና ዞሮ ያያል።

‹‹ምን ወደ ኋላ ታያለሽ?›› አለች ሚያ ሳትዞር። ‹‹አይሮጥም። አምስት ወር ነው።››

‹‹አውቃለሁ።››

‹‹አታውቂም። አንቺ ሩዝ በስድስት ዓመት ውስጥ አንዴም ስትጠብቂ አላየሁሽም።››

ከታች፣ መንገዱ ከሚታጠፍበት፣ ጡሩምባ ተነፋ። ሞተሩ እንደቆመ ይሰማል፤ አልሄደም። ሉየን ቀና አለች። አንድ እግሯ ሳታዘው ከትልሙ ወጣ።

ሚያ እንጨቱን መሬት ውስጥ እንደሰካች ቆመች። ለመጀመሪያ ጊዜ ዞራ አየቻት፤ ነጩን ጸጉር፣ የተሰነጠቀውን ከንፈር፣ በእፍኟ የጨበጠችውን ዘር።

‹‹ሂጂ ብልሽስ?››

‹‹ሂጂ ካልሽኝ እሄዳለሁ፣ እቴ። ስለዚህ አትበዪኝ።››

ሚያ እንጨቱን ነቀለች፤ አንድ እርምጃ ሄዳ ሌላ ጉድጓድ ወጋች።

‹‹ጣይ›› አለች።

ጡሩምባው እንደገና ተነፋ፤ አሁን ረዘም አለ። ሉየን ጎንበስ ብላ እፍኟን ከፈተች። ዓይኗ መንገዱ ላይ ስለነበር ከሰባቱ ፍሬ አራቱ ከጉድጓዱ ውጪ ወደቁ። መኪናው ማርሽ አስገብቶ ቁልቁለቱን ሲጀምር፣ እሷ ተንበርክካ የወደቁትን አንድ በአንድ ትለቅም ነበር።